ዱብ ዕዳ ወይስ ዱብ ሲሳይ?

አማርኛችን ከሰማይ በሚወርድ ነገር ላይ ብዙም እምነት የለውም። መዓት ይወርዳል፤ ቁጣ ይወርዳል፤ መብረቅ ይወርዳል። ሳይታሰብ መጥቶ አናታችን ላይ የሚያርፍ ነገር ስሙ «ዱብ ዕዳ» ነው። «ዱብ ሲሳይ» ሲባል ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? እኛም አልሰማንም። (መናስ? የምትሉ ትኖራላችሁ። መናውን እንኳን ለነገ ብሎ ያስቀመጠ ሰው ተልቶ ነው ያገኘው።)

ዱብ ሲሳይ የወረደላት አንዲት አፍሪካዊት አገር ግን አለች። እሺ፣ የለችም። ዋካንዳ ትባላለች። ጸሐፊው ስታን ሊና ሠዓሊው ጃክ ከርቢ፣ ሁለቱም አሜሪካውያን፣ በ1966 «ፋንታስቲክ ፎር» በተባለው ኮሚክ መጽሔት ቁጥር 52 ላይ ፈጠሯት። (ዘመኑን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምንጽፈው፤ የራሳችንን ስንጠቀም «ዓ.ም.» እንላለን።) ብዙዎቻችን ያወቅናት ግን በ2018 በወጣው የራያን ኩግለር ፊልም በ«ብላክ ፓንተር» ነው፤ ገሚሳችን ሲኒማ ገብተን፣ ገሚሳችን ሰፈር ካለው ፊልም ቤት በፍላሽ አስጭነን። ፊልሙ በዓለም ዙሪያ 1.3 ቢሊዮን ዶላር ገደማ አስገባ፤ በዓመቱ ሦስት ኦስካር ወሰደ፤ ወጣቱም ሁለት ክንዱን ደረቱ ላይ እያጣመረ «ዋካንዳ ፎርኤቨር» መባባል ጀመረ።

ስለ ፊልሙ ልብስ፣ ስለ ተዋናዮቹ፣ ስለ ሙዚቃው ብዙ ተብሏል። እኛ ዛሬ ማውራት የፈለግነው ስለ ብረቱ ነው። ቫይብሬኒየም ስለሚባለው፣ በዓለም ላይ ስለሌለው፣ ዋካንዳን ግን ዋካንዳ ስላደረጋት ብረት። ብረቱ ዝም ብሎ የፊልም ማሳመሪያ አይደለም። «ማንም ያልገዛት አፍሪካዊት አገር ብትኖር እንዴት ብላ ትኖር ነበር?» የሚል ጥያቄ ተነሥቶ ደራሲዎቹ የሰጡት መልስ እሱ ነው። ጥያቄው ደግሞ እኛን ስለሚነካ መልሱን አገላብጦ ማየት መብታችን ነው።

ብረቱ

ፊልሙን ላላያችሁ ነገሩ እንዲህ ነው። ከብዙ ሚሊዮን ዓመታት በፊት ሁለንተናው ቫይብሬኒየም የሆነ ተወርዋሪ ኮከብ አፍሪካ ላይ ወደቀ። ከዘመናት በኋላ አምስት ጎሳዎች በቦታው ሰፈሩና (እንደተለመደው) ተዋጉ። ከዚያ ባስት የተባለች የፓንተር አምላክ ለአንድ ተዋጊ በራእይ ታየችው፤ ብረቱ ወደ ተለወጠው፣ የልብ ቅርጽ ወዳለው አንድ ቅጠል መራችው። ቅጠሉን ወሰደ፤ ከሰው ሁሉ በረታ፤ ነገሠ። አራቱ ጎሳዎች ገበሩለት። አምስተኛዎቹ ጃባሪዎች ግን አሻፈረን ብለው ተራራቸው ላይ ወጡ። (ጃባሪዎችን ያዙልን፤ እንመለስባቸዋለን።)

የብረቱ ዋና ጠባይ ንዝረትን መዋጥ ነው፤ ስሙም «ንዝረት» ከሚለው የእንግሊዝኛ ቃል የተወሰደ ነው። ጥይት ቢመታው የጥይቱን ጉልበት ይውጣል፤ የጥቁሩ ፓንተር ልብስማ የዋጠውን ጠብቆ መልሶ ይተፋዋል። የካፒቴን አሜሪካ ጋሻ የተሠራው ከእሱ ነው። ባቡር ያንሳፍፋል፤ አውሮፕላን ይሆናል፤ የንጉሡ እህት ሹሪ አከርካሪው ላይ በጥይት የተመታን ሰው በአንድ ሌሊት አስነሥታ ታቆምበታለች። ጸበልም ነው፣ ነዳጅም ነው፣ መብራትም ነው። (መብራቱ ደግሞ አይጠፋም።)

ልብ በሉ፦ ይሄ ሁሉ ሀብት ከማንም አልተወሰደም። ማንም አልተወረረበትም፤ ማንም አልተሸጠበትም፤ ማንም ከርስቱ አልተነቀለበትም። ከሰማይ ወደቀ፤ በቃ። በዓለም ላይ ጉልበተኛ የሆኑ አገሮችን ስም አንድ በአንድ ጥሩና ጉልበታቸው ከየት እንደመጣ ጠይቁ፤ ከሥሩ የሆነ ሰው ጀርባ ታገኛላችሁ። ዋካንዳ ግን ከማንም አልተበደረችም። ለእኛ የቫይብሬኒየም ትልቁ ተአምር ጥይት ማቆሙ አይደለም። ዕዳ የሌለበት ኃይል መሆኑ ነው።

ቅጠሉ

ቅጠሉን ስናይ ወዲያው ትዝ ያለን አብሾ ነው። እናንተንስ? የአብነት ተማሪ ጭንቅላቱ እንዲከፈት፣ አንድ ጊዜ የሰማውን እንዳይረሳ ይጠጣዋል የሚባለው አብሾ። የኛ አብሾ ግን ጣጣ አለው። የጠጣው ሰው እንደሚባለው ትምህርቱ ይሰምርለታል፤ ዳሩ ግን አንድ ቀን መጠጥ ሲቀምስ ወይ ሲናደድ ይነሣበታል። በትንሹም በትልቁም የሚቆጣ ሰው ሲገጥመን «አብሾ አለበት እንዴ?» የምንለው ለዚህ ነው። አያቶቻችን አብሾን ሲያወሩ የሚሰጠውን ብቻ አላወሩም፤ የሚጠይቀውንም አውርተዋል።

የዋካንዳው ቅጠል እንዲህ ዓይነት ጣጣ የለበትም። ንጉሥ የሚሆነው ሰው ጭማቂውን ይጠጣል፤ አሸዋ ያለብሱታል፤ ነፍሱ ወደ አባቶቹ አገር ሄዳ ከሞቱት ጋር ተነጋግራ ትመለሳለች፤ ሲነቃ እንደ አንበሳ ነው፤ ይቅርታ፣ እንደ ፓንተር። የሚያምር ሕግም አለው። ዙፋኑን ለመጋፈጥ የሚፈልግ ሰው ከመጣ ንጉሡ ሌላ መጠጥ ጠጥቶ የቅጠሉን ኃይል ያወርዳል፤ ከተጋጣሚው ጋር እንደ ማንኛውም ሰው በጉልበቱ ይታገላል። ሥልጣን የያዘ ሰው ከውድድሩ በፊት ጉልበቱን አስረክቦ ሲገባ ማየት እንዴት ደስ ይላል! (በፊልም መሆኑን አልረሳንም።)

እዚህ ላይ ግን አንድ ነገር ያጠራጥር ይጀምራል። ብረቱ የአገሩ ነው ከተባለ፣ ብረቱ ያበቀለው ቅጠል ለምን የአንድ ሰው ሆነ? በንጉሡ ሸንጎ ላይ የማዕድን ጎሳ ተወካይ የሆነች አረጋዊት ተቀምጣለች፤ በፊልሙ ውስጥ ግን ስሙ የሚጠራ አንድም ማዕድን ቆፋሪ የለም። ታ-ናሂሲ ኮትስ በ2016 የኮሚኩን አዲስ ተከታታይ መጻፍ ሲጀምር ገና ከመነሻው ያመጣቸው እነሱን ነው፤ የቫይብሬኒየም ቆፋሪዎቹ በንጉሣቸው ላይ ሲነሡ። አምሳ ዓመት ሙሉ ብረቱን ስናደንቅ ማን እንደሚያወጣው አለመጠየቃችን ይገርማል።

ከየት መጣ?

ጋዜጠኝነት የተማረ ሰው ሁሉ ስድስት ጥያቄዎች በእንቅልፍ ልቡ ያውቃል፦ ማን፣ ምን፣ የት፣ መቼ፣ ለምን፣ እንዴት። እስቲ ጥያቄዎቹን ቫይብሬኒየምን በሚመስሉ እውነተኛ ነገሮች ላይ እንሞክራቸው።

ኮንጎን እንውሰድ። የዋካንዳ ሕዝብ አንድ ብረት ነው ያገኘው፤ የኮንጎ ሕዝብ ግን ሲሳዩ ተቆጥሮ አያልቅም። መጀመሪያ ጎማ። ዓለም ለብስክሌትና ለመኪና ጎማ ሲፈልግ የቤልጂጉ ንጉሥ ሊዮፖልድ ዳግማዊ ከ1885 እስከ 1908 ኮንጎን የግል ንብረቱ አድርጎ ያዘ፤ የሰው እጅ እየተቆረጠ ጎማ ተለቀመ። ቀጥሎ ዩራኒየም። አሜሪካ የመጀመሪያዎቹን አቶሚክ ቦምቦች ለመሥራት ከተጠቀመችበት ዩራኒየም አብዛኛው የወጣው ካታንጋ ውስጥ ከሚገኘው ከሺንኮሎብዌ ጉድጓድ ነው። ሂሮሺማ ላይ በ1945 የወረደው ዱብ ዕዳ መነሻው የአፍሪካ አፈር ነበር ማለት ነው። ቀጥሎ ኮልታንና ኮባልት። ዛሬ ከዓለም ኮባልት ከግማሽ በላዩ የሚወጣው ከኮንጎ ነው፤ ከሚያወጡት መካከል በእጃቸው የሚቆፍሩ ሕፃናት እንዳሉበት በተደጋጋሚ ተዘግቧል። ይህን ጽሑፍ በስልክ የምታነቡ ሁሉ፣ እኛም በስልክ የምንጽፈው፣ ከዚያ አፈር ጥቂት በኪሳችን ይዘን ልንዞር እንችላለን።

ኮንጎ በ1960 ነፃ ስትወጣ በማዕድን የበለጸገው የካታንጋ ግዛት በሁለት ሳምንት ውስጥ ተገነጠለ። የመጀመሪያው ጠቅላይ ሚኒስትር ፓትሪስ ሉሙምባ በጥር ወር 1961 እዚያው ካታንጋ ውስጥ ተገደለ። ዋካንዳ የተፈጠረችው ከዚህ አምስት ዓመት በኋላ ነው። በመጽሔቱ ቁጥር 53 ላይ ክላው የሚባል ነጭ ብረቱን ፍለጋ ይመጣል፤ «ይሄ የኛ ነው» ያለውን ንጉሥ ቲቻካን ይገድላል። ልዩነቱ ምንድነው? በተረቱ ውስጥ የንጉሡ ልጅ ቲቻላ በገዳዩ መሣሪያ ገዳዩን ያባርረዋል። በእውነቱ ውስጥ እንዲህ አልሆነም።

በፊልሙ ዋካንዳ ከኮንጎ ዕጣ የዳነችው በመደበቅ ነው። ተራራና ጫካ መስሎ የሚታይ መጋረጃ ዘርግታ፣ ለዓለም ደሃ የእረኞች አገር መስላ ትኖራለች። ሀብታም ሆኖ ደሃ መምሰል! የግብር ሰብሳቢ መኪና ሲያይ ሱቁን የሚዘጋ ነጋዴ ብቻ ነው ይሄን ጥበብ በደንብ የሚረዳው።

ያለ ተወርዋሪ ኮከብ

አሁን ወደ ሆዳችን እንግባ። ዋካንዳን ያየ ኢትዮጵያዊ ሁሉ በልቡ አንድ ነገር ብሏል፦ «ይቺ እኮ እኛ ነን!» ያልተገዛች አፍሪካዊት አገር፣ ተራራ፣ ንጉሥ፣ ጦር፣ ኩራት። ከኛ የተወሰደም አለ። የወንዝ ጎሳው ሽማግሌ ከንፈሩ ላይ ያደረገው ገል መነሻው የኦሞ ሸለቆዎቹ ሙርሲና ሱሪ ናቸው። (ሙርሲዎች ዘንድ ገሉን የሚያደርጉት ሴቶች ናቸው። ፊልሙ ለወንድ ሰጠው። እኛ ሴቶቹ ይሄን ልብ ብለን አልፈናል።)

ነገር ግን ዓድዋና ዋካንዳ አይመሳሰሉም፤ የማይመሳሰሉትም በብረቱ ምክንያት ነው። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ዓድዋ ላይ የተሰለፈው መቶ ሺህ የሚጠጋ ሰው ከሰማይ የወረደለት ነገር አልነበረም። ወረደበት ከተባለ የወረደበት ክፉ ቀን ነው። ጦርነቱ ከመድረሱ ጥቂት ዓመታት አስቀድሞ «ደስታ» የሚባለው በሽታ (ስሙን ማን እንዳወጣለት እንጃ!) የአገሪቱን ከብት ፈጀው፤ በሬ ጠፍቶ እርሻ ቆመ፤ ሕዝብ በረሃብ አለቀ። ያ ሕዝብ ነው ስንቁን በአህያና በራሱ ጀርባ ተሸክሞ ከየአቅጣጫው ዓድዋ የደረሰው።

በምን አሸነፈ? ጠመንጃው ከፈረንሳይ፣ ከሩሲያ፣ ከራሷ ከጣልያን ጭምር ለዓመታት ሲሰበሰብ የቆየ ነው። መቀሌ ላይ የጣልያን ምሽግ የተፈታው ውኃው ስለተያዘበት ነው፤ የምንጩን ነገር ያሰቡት እቴጌ ጣይቱ መሆናቸው ይነገራል። ባሻ አውዓሎም ለጣልያን ሰላይ መስለው የተሳሳተ ወሬ አቀበሉ። የጣልያን ካርታ ራሱ ስህተት ነበረበት፤ አንዱ ጄኔራል ኮረብታ ለይቶ ሳያውቅ ከሌሎቹ ርቆ ብቻውን ገባ። ውኃ፣ ወሬ፣ ስንቅ፣ እግር። ቫይብሬኒየም የት አለ?

አንዳንድ ጊዜ በፊልሙ ቅር የሚለን እዚህ ላይ ነው። አፍሪካዊ ነፃ ሆኖ እንዲኖር ኮከብ መውደቅ አለበት? ሰው በጉልበቱና በብልሃቱ ነፃ ሊሆን እንደሚችል ለመጻፍ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም ነበር፤ ዋካንዳ ስትፈጠር ዓድዋ ሰባ ዓመት ሞልቶት ነበር።

ፍትሐዊ እንሁንና የኛንም እንናገር። የኛ ብረት ንጹሕ አልነበረም። ጠመንጃው የተገዛበት የዝሆን ጥርስ፣ ወርቅና ቡና ብዙው የመጣው በዚያው ዘመን በጦር ከገበሩት የደቡብና የምዕራብ አገሮች ነው። እዚያ ያሉ ወገኖቻችን ያንን ዘመን ሲያስታውሱ ድሉን ብቻ አይደለም የሚያስታውሱት፤ የተወሰደውን መሬትና የተሸጠውን ሰውም ነው። ዓድዋ የሁላችንም ኩራት ነው፤ ሒሳቡን ግን ሁላችንም እኩል አልከፈልንም። ተወርዋሪ ኮከብ ያላት አገር ይሄን ንግግር መነጋገር አይጠበቅባትም። እኛ ግን እስከ ዛሬ እየተነጋገርን፣ እየተኮራረፍን አለን። ቫይብሬኒየም ለምን እንደሚያስቀና ገባችሁ?

የተደበቀው ዕዳ

ኩግለርን የምናደንቀው ፊልሙ ይሄን ቅናታችንን ስለሚያውቅ ነው። ዕዳ የሌለበት ብረት ይሰጠንና እዚያው ፊልም ውስጥ ዕዳውን ፈልጎ ያወጣዋል።

ዕዳው አንድ ልጅ ነው። በ1992 አሜሪካ ኦክላንድ ውስጥ ይኖር የነበረ የዋካንዳ ልዑል የጥቁሮችን መከራ አይቶ ብረቱን ሊያወጣላቸው ያስባል። ወንድሙ ንጉሥ ቲቻካ ይደርስበታል፤ ይገድለዋል፤ ምሥጢሩ እንዳይወጣ ደግሞ የሟቹን ልጅ እዚያው ጥሎት ይመለሳል። ልጁ ያድጋል፤ ኪልሞንገር ይሆናል፤ የድርሻውን ሊጠይቅ ይመጣል። ብረቱ ከማንም አልተወሰደም ብለን ነበር። አዎ፣ አልተወሰደም። ለመደበቂያው ግን ተከፍሎበታል።

ኪልሞንገር መጀመሪያ የሚታየው ለንደን ሙዚየም ውስጥ ነው። ከመስታወት ጀርባ ያለ አንድ የአፍሪካ መሣሪያ ያሳይና ባለሙያዋን እንዴት እንዳገኛችሁት ትነግሪኛለሽ ዓይነት ጥያቄ ይጠይቃታል። ፊልሙ በወጣ በሁለተኛው ወር፣ በሚያዝያ 2018፣ እውነተኛው የለንደን ሙዚየም ቪክቶሪያ ኤንድ አልበርት የመቅደላን ቅርሶች ለዕይታ አቀረበ፤ ዳይሬክተሩም ለኢትዮጵያ በረጅም ጊዜ ውሰት ሊሰጡ እንደሚችሉ ተናገሩ። ውሰት! የራስን ዕቃ መዋስ የሚባል ነገር ኮሚክ መጽሔት ላይ ቢጻፍ አዘጋጁ «ይሄ አይታመንም፤ አውጣው» ይል ነበር።

መቅደላን ካነሣን የአፄ ቴዎድሮስን ሕልም አለማንሣት አይቻልም። ጋፋት ላይ በፈረንጅ እጅ ያስቀለጡት ሴባስቶፖል፣ ሰባት ቶን ገደማ የሚመዝነው መድፍ፣ የኛው የቫይብሬኒየም ታሪክ ነው፤ አገርን በአንድ ብረት የማዳን ሕልም። መንገድ እየተቆረጠለት፣ በሰው ጉልበት እየተጎተተ ወራት ፈጅቶ መቅደላ ወጣ። ንጉሡን አላዳናቸውም። መድፉ ዛሬም መቅደላ ላይ ነው፤ ሲጎትቱት የነበሩት ሰዎች ግን ስማቸውን የጻፈ የለም።

ጃባሪዎች

ያዙልን ያልናችሁን ጃባሪዎች አሁን አምጧቸው።

ጃባሪዎች በቫይብሬኒየም አልተለወጡም። በረዶ ያለበት ተራራቸው ላይ በእንጨት ይሠራሉ፤ በእንጨት ይዋጋሉ፤ ለፓንተሯም አይሰግዱም። አለቃቸው ምባኩ አንዱን ፈረንጅ «ለልጆቼ ነው የማበላህ» ብሎ ካስፈራራው በኋላ ጃባሪዎች ሥጋ እንደማይበሉ ነግሮት ይስቃል። ዓመቱን ሙሉ ጿሚዎች ናቸው ማለት ነው። ደጋ፣ ብርድ፣ ጾም፣ እልህ… አሁን እኛ ዋካንዳ ነን ወይስ ጃባሪ?

ፊልሙ መሐል ላይ የዋካንዳ ብረትና ቅጠል በጠቅላላ ኪልሞንገር እጅ ይገባል። ተቀናቃኝ እንዳይነሣበት የቅጠሉን አትክልት ቦታ ያቃጥለዋል። ያ ሁሉ ቴክኖሎጂ ያለምንም ማንገራገር ለአዲሱ ባለሥልጣን ያገለግላል፤ ብረት ጌታውን አይመርጥም። ናኪያ አንዲት ቅጠል አትርፋ ወደ ተራራው ትወጣና ለምባኩ ትሰጠዋለች። ጠጥቶ መንገሥ ይችላል፤ ያቺ አንዷ የቀረች ናት። አልጠጣም። ገደል ተጥሎ ያገኙትን፣ በበረዶ ሸፍነው በሕይወት ያቆዩትን ቲቻላን ያሳያታል፤ ቅጠሉን የሚጠጣው እሱ ይሆናል። በመጨረሻው ውጊያ ላይም ነገሩ ያለቀ ሲመስል ጃባሪዎች እንጨታቸውን ይዘው ከተፍ ይላሉ።

ለእኛ የፊልሙ ልብ ይሄ ነው። ዋካንዳን ያተረፏት ብረቱ የሌላቸው ሰዎችና ቅጠሉን አግኝተው ለራሳቸው ያልጠጡት ሁለት ሰዎች ናቸው። ናኪያም አልጠጣችም እኮ! በፊልሙ መጀመሪያ የተጠለፉ ሴቶችን ስታስለቅቅ የምናያት፣ «ያለንን ማካፈል አለብን» ስትል የነበረችው እሷ ናት፤ በመጨረሻም ንጉሡ የያዘው መንገድ የእሷን ነው።

ቅጠሉ ሳይደርስ

ሁለተኛው ፊልም በ2022 ወጣ። ቲቻላን የተጫወተው ቻድዊክ ቦዝማን ግን በነሐሴ 2020 በአንጀት ካንሰር ሞቶ ነበር፤ 43 ዓመቱ ነበር። ፊልሙ የሚጀምረው ሹሪ ለወንድሟ ቅጠሉን በቤተ ሙከራ ለመፍጠር ስትራወጥ ነው። አልደረሰችም። ተዋናዩን ያላተረፈ ቅጠል ንጉሡን አዳነ ቢሉን ማን ያምናቸው ነበር?

በዚሁ ፊልም ብረቱ ባሕር ውስጥም እንዳለ ይታወቃል፤ ታሎካን የሚባል ሌላ ሕዝብ ይጠብቀዋል። ኃያላን አገሮች ብረቱን ፍለጋ ሲመጡ እርስ በርሳቸው የሚተላለቁት ግን ዋካንዳና ታሎካን፣ ሁለቱ ባለ ሲሳዮች፣ ናቸው። ማንን ለማስታወስ እንደሆነ ለአፍሪካ ቀንድ ነዋሪ ማስረዳት አያስፈልግም።

የኛስ?

ይሄን ሁሉ ያነሣነው ዱብ ሲሳይ መጠበቅ የኛ ትውልድ በሽታ ስለመሰለን ነው። ዲቪ ሎተሪ ሲሞላ እያየን ነው ያደግነው። በአገር ደረጃም ያው ነው። ካሉብ ላይ ጋዝ የተገኘው በ1970ዎቹ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ስንት መንግሥት ስንት ጊዜ «ሊያልፍልን ነው» አለን? ወርቅ ተገኘ፣ ታንታለም ተገኘ፣ ነዳጅ ሊወጣ ነው በተባለ ቁጥር ሰፈሩ ሁሉ በአንድ ሌሊት ዱባይ ይሆናል። ማውራቱ ክፋት የለውም። ችግሩ የምናወራው ሁልጊዜ ስለ ሲሳዩ መሆኑ ነው።

ለገደምቢን አስታውሱ። ጉጂ ውስጥ ያለ ትልቅ የወርቅ ማዕድን ነው። በ2018፣ እኛ ስለ ዋካንዳ ብረት ስናወራ በነበርንበት በዚያው ዓመት፣ የአካባቢው ነዋሪዎች ከማዕድኑ የሚወጣው ብክለት ልጆቻችንንና ከብቶቻችንን እየጎዳ ነው ብለው አደባባይ ወጡ፤ መንግሥትም በግንቦት ወር የማዕድኑን ፈቃድ አገደ። ለአዲስ አበባ ዜና አንባቢ ለገደምቢ የውጭ ምንዛሪ ነበር። ለደጃፉ ሰው ግን ዕዳ ነበር። ያው ወርቅ፣ ሁለት ስም።

እንግዲህ ቫይብሬኒየም የለም፤ ሊኖርም አይችልም። የለም የምንለው ንዝረት የሚውጥ ብረት ስላልተገኘ አይደለም። ሳይንቲስቶቹ ነገ ያገኙት ይሆናል። የሌለው ከማንም ሳይወሰድ፣ ማንንም ሳያስከፍል የሚመጣ ኃይል ነው። ስለዚህ በሚቀጥለው ጊዜ ቴሌቪዥኑ «ተገኘ!» ሲል፣ ወርቅ ይሁን ጋዝ ይሁን ገና ስሙን ያልሰማነው ነገር፣ እልል ከማለታችን በፊት ስድስቱን ጥያቄዎች እንጠይቅ። በተለይ አንዱን፦ ማን? ማን ያወጣዋል? ማን ይነሣለታል? ውኃው የማን ነው? ኦክላንድ ላይ የተጣለው ልጅ ማን ነው?

እኛ በዚህ ገጽ የምንጽፍ ሰዎች ጥያቄውን መጠየቅ ሥራችን አድርገነዋል። እናንተ ደግሞ በየሰፈራችሁ ያለውን ታውቃላችሁ። ሰፈራችሁ ላይ የወረደው ሲሳይ የማን ዕዳ ነበር? ጻፉልን፤ እናንብበው።

ቸር ወሬ ያሰማን!